በተምሩ ውስጥ የቀረችው ፍሬ

ማክሰኞ፣ ግንቦት 14 ቀን
ከቁርስ በኋላ (እኔ ግን ቁርስ አልበላሁም)

ለታናሽ እህቴ፣ ለሚጣዬ፦

እንዴት ሰነበትሽ? ሥራው፣ ብርዱ፣ ያቺ ጎረቤትሽ ከነውሻዋ፣ ሁሉም እንዴት ናቸው? እኔ ደህና ነኝ ብዬ ብጀምር ውሸት ይሆንብኛል፤ ታምሜያለሁ ብልሽ ደግሞ አንቺ ነገር ማካበድ ትወጃለሽ። መሃሉን ልንገርሽ። የቀኝ መንጋጋዬ ጥርስ ለሁለት ተሰንጥቆ ወጥቷል፣ ጉንጬ ኩፍ ያለ ሊጥ መስሏል፣ የጥርስ ሐኪሙም አምስት ቀን ሙሉ ብዙ እንዳላወራ አዞኛል። ልጆቼ ሐኪሙን ሊስሙት ምንም አልቀራቸው። ስልክ ያልደወልኩልሽ ለዚህ ነው። ደግሞም ይሄ ነገር በስልክ የሚነገር አይደለም፤ መሃል ላይ ታቋርጪኛለሽ፣ ካልሆነም መስመሩ አስቸገረ ብለሽ ትዘጊብኛለሽ። ደብዳቤ ከሆነ ግን ወደሽም ሆነ ጠልተሽ እስከ መጨረሻው ታነቢዋለሽ።

ጥርሴን ምን እንደሰበረው በቅደም ተከተል ስለምነግርሽ ወደ መጨረሻው ገጽ እንዳትዘልዪ። ልማድሽን አውቀዋለሁ። ሻይሽን ቅጂና ተቀመጪ።

ወይዘሮ ጓንት ጡረታ ወጣች።

ስሟን ስታነቢ ምን እንደተሰማሽ እንጃ። እኔ ግን ሰባት ዓመት ሙሉ ስሟ በተነሳ ቁጥር ደሜ ሲፈላ ነው የኖርኩት። ያኔ የግብዣ አዳራሹ ወጥ ቤት ኃላፊ ሆና እኔንና አንቺን ከጠዋት እስከ ማታ ስታሯሩጠን፣ ሽንኩርት ስትከትፍም ስልክ ስታነሳም ነጭ ጓንቷን ስለማታወልቅ ያንን ስም ያወጣሽላት አንቺ ነሽ። ለወጥ ቤቱ ሁሉ ያዳረስኩት ደግሞ እኔ ነኝ። በዕድሜዋ አንቱ ልትባል የሚገባት ሴት ናት። ፊት ለፊት ስንገናኝ እላታለሁ፣ አፌ ለምዶታል። እዚህ ወረቀት ላይ ግን እሷ ናት፤ ከዚህ በላይ አታገኝም።

ያንን የዳኛውን ግብዣ አንቺም ታውቂዋለሽ። እኔ እንዴት አድርጌ ይዤው እንደኖርኩ ግን ስለማታውቂ ልድገመው። አዲስ የተሾመው ዳኛ እንግዶቹን ሲጋብዝ ለመቀበያ የሚሆን መቶ ሃያ የተሞላ ተምር ታዘዘ። ለኔ ስልሳ፣ ለአንቺ ስልሳ ደረሰን። እኔ ሰማያዊውን ሳህን፣ አንቺ ነጩን ሳህን አጠገባችን አስቀመጥን። የዚያ ወጥ ቤት ሕግ እስከ ዛሬ ጣቴ ላይ አለ፦ በትንሿ ቢላ የተምሩን ጎን መሰንጠቅ፣ ፍሬውን በጣት ፈልቅቆ ማውጣት፣ የራስ ሳህን ውስጥ መጣል። ስልሳ ተምር ከተከፈተ ሳህኑ ውስጥ ስልሳ ፍሬ መገኘት አለበት። ፍሬው ተቆጥሮ ሳያልቅ አይብ የሚባል ነገር አይገባም። አንድ ከጎደለ ስልሳውም እንደገና ይፈተሻል። በመጨረሻ ትሪው ከወጥ ቤት ከመውጣቱ በፊት ወይዘሮ ጓንት ራሷ እያንዳንዱን ተምር በአውራ ጣቷ ጫን እያደረገች ታልፋለች።

በዚያ ቀን ግን እንግዶቹ ቀድመው መጡ። እኔ ደግሞ ግማሽ ላይ ስደርስ ከሆስፒታል ስልክ መጣልኝ፤ የልጆቼ አባት ተኝቶ ነበር፣ ደም ያስፈልገዋል አሉኝ። ስልኩን አናግሬ ስመለስ አንቺ መሙላት ጀምረሽ ነበር። እኔም እንባዬን በክንዴ እየጠረግኩ ካቆምኩበት ቀጠልኩ። መቁጠሩ ቀረ። ትሪዎቹ ወጡ።

ከዚያ የዳኛው ጥርስ ተምሩ ውስጥ በቀረች ፍሬ ተሰበረ። እስከ ዛሬ ያ ድምፅ ጆሮዬ ላይ አለ። ሰውየው ጉንጩን ይዞ ጎንበስ አለ። ወይዘሮ ጓንት "ሳህኖቹን አምጪ" ብላ አንቺን ወደ ወጥ ቤት ላከችሽ። አመጣሽላት። ነጭ የጠረጴዛ ልብስ ላይ፣ እንግዶቹ እያዩ፣ ሁለቱንም ቆጠረች። የኔ ስልሳ። የአንቺ ሃምሳ ዘጠኝ። ከዚያ በነዚያ ባለጓንት እጆቿ ሽርጥሽን ከኋላሽ ፈታችና "ዓይን የሌለው እጅ እኔ ወጥ ቤት ውስጥ አይገባም" አለች። መቶ ሰው ፊት። አንቺ መሬት መሬት ስታይ እኔ እዚያው ቆሜ ነበር፤ አንድ ቃል ከአፌ አልወጣም። በሦስተኛው ወር ሻንጣሽን ይዘሽ ወደ ሰው አገር ሄድሽ።

ሰው ይሳሳታል። ተምር ውስጥ ፍሬ ይቀራል፣ ዳኛም ጥርሱን ያስተክላል። ሰውን እንደዚያ አድርጎ ማዋረድ ግን ሌላ ነገር ነው። እኔ በልጆቼ አባት መድኃኒት ምክንያት እዚያው ወጥ ቤት ሁለት ዓመት ቆየሁ፤ በየቀኑ እንደምን አደሩ ስላት ልቤ ሌላ ነገር ይላት ነበር። እሱን ከቀበርን በኋላ ለቅቄ ቤቴ ውስጥ በትዕዛዝ ትሪ ማዘጋጀት ጀመርኩ። ሠርግ ላለው፣ ምርቃት ላለው፣ አማቶቹን ለሚቀበል ሰው ሁሉ የተሞላ ፍራፍሬ የሚታዘዘው ከእኔ ነው። ሥራው ተሳካልኝ። ቂሜ ግን አብሮኝ ነበር፤ ሰማያዊውንና ነጩን ሳህን ይዤ ወጥቼ ስለነበር ነጩን መደርደሪያ ላይ አስቀምጬ በየጠዋቱ አየው ነበር። አቧራውን እጠርጋለሁ፣ ምንም አላደርግበትም።

ባለፈው ወር በሬ ተንኳኳ። ከፈትኩ። ወይዘሮ ጓንት ቆማለች።

አርጅታለች። ወንበር ሰጠኋት፣ ሻይ አቀረብኩላት፣ ብርጭቆውን በሁለት እጇ ያዘችው። ጓንቱ አሁንም አለ፤ ከውስጡ ግን ጣቶቿ በሪህ ተጣመዋል። ጡረታ እንደወጣች፣ አዳራሹ የስንብት ግብዣ እንደሚያደርግላት ነገረችኝ። "ለእንግዶቼ የተሞላ ፍራፍሬ ማቅረብ እፈልጋለሁ፣ ጨው ያለውንም ጣፋጩንም" አለች። "የኔ እጅ እንደምታይው ነው። ከአንቺ ሌላ እጅ አላምንም።"

የማንን እጅ ነው የምታምነው? ዓይን የሌለው እጅ ብላ ያዋረደቻትን ልጅ የእህቷን እጅ? ይህንን ሁሉ በሆዴ አልኩ። በአፌ ግን ዓይኔን በጨው አጥቤ "ለኔ ክብር ነው፣ ምን ያህል ሰው ነው?" አልኳት። ሰማንያ አለች። ስትወጣ እስከ ደረጃው ሸኘኋት። ደረጃውን በጎን በጎን እያለች ስትወርድ እያየሁ፣ እጄ ላይ ጣላት፣ አልኩ። ሚጣዬ፣ ሰባት ዓመት እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ደግሞ ሌላ የምሥራች ሰማሁ። ለስንብቱ ብላ የፊት ጥርሷን አስተክላለች አሉ። ነጭ፣ አዲስ፣ ፎቶ ላይ እንድታምር።

ሐሳቤን መገመት አያቅትሽም። ሰማንያ ተምር ይሞላል። ሰባ ዘጠኙ ለእንግዶቿ። አንዱ ከነፍሬው፣ ለብቻው በትንሽ ሳህን፣ ለእሷ። ጥርሷ ሲሰበር እጠጋና ሁሉም እያየ ያንኑ ቃሏን እነግራታለሁ። ቃሉን ሽንኩርት ስልጥ ተለማመድኩት፣ ልብስ ሳጥብ ተለማመድኩት። ትልቋ ልጄ "እማዬ ከማን ጋር ነው የምታወሪው?" አለችኝ። ጸሎት ነው አልኳት።

ዓርብ ጠዋት ጀመርኩ። መቼም ሥራዬን ለበቀል ብዬ አላበላሽም፤ ይሄንንስ ታውቂያለሽ። ትሪዎቹ እንዲያውም ከመቼውም በላይ አምረው እንዲወጡ ነበር የፈለግሁት። ሰው ሁሉ "ወይኔ እጇ" ካለ በኋላ ነው ያ ጥርስ መሰበር ያለበት። ትንንሾቹን ፖሞች ከላያቸው ከፍቼ፣ ውስጣቸውን በማንኪያ አጎድጉጄ፣ ዘቢብና ቀረፋ በማር ለውሼ ሞላኋቸው፤ ምድጃ ውስጥ ቆዳቸው ገና ሳይሰነጠቅ አወጣኋቸው። ፕሪሞቹን ለሁለት ከፍዬ በሽንኩርት የተጠበሰ ደቃቅ ሥጋ አስገባሁባቸው፤ የፕሪሙ ኮምጣጣነት ሥጋውን ሲያገኘው ምን እንደሚሆን አንቺ ነሽ ያስተማርሽኝ። ኮኩን በዝንጅብል በተመታ ክሬም ሞላሁ፣ ክሬሙ እንዳይፈስ ከሥሩ የተፈጨ ብስኩት አነጠፍኩለት። ቲማቲምም ፍራፍሬ ነው ብለሽ አንድ ሳምንት ስለተከራከርሽኝ፣ ለአንቺ ስል ትንንሽ ቲማቲሞችን በእንቁላልና በናና ሞልቼ ጥግ ላይ ደረደርኩ። ልጆቼ እንጆሪውን ሲሞሉ ግማሹን በሉት።

ተምሩን ግን ማንም እንዲነካ አልፈቀድኩም። ቁጭ ብዬ አንድ በአንድ ሰነጠቅኩ፣ ፍሬውን ሰማያዊው ሳህን ውስጥ ጣልኩ። ነጩን አይብ በሎሚ ልጣጭና በቁንዶ በርበሬ አሸሁት፣ ጥቂት ማር ጠብ አደረግሁበት። ለእሷ ከሁሉም ወፍራሙን መረጥኩላት። ጎኑን ከፈትኩ፣ ፍሬውን በጣቴ ነካሁት፣ እዚያው ተውኩት። አይቡን በሁለቱም በኩል ጠቅጥቄ ከላይ የተቆላ ለውዝ አስቀመጥኩበት። ከዚያ እንደ ሕጉ ቆጠርኩ። ሰማንያ ተምር፣ ሰባ ዘጠኝ ፍሬ። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰማያዊው ሳህን ጎደለ፣ ደስታዬም ወሰን አልነበረውም። ነጩን ሳህን ቀና ብዬ አየሁና "ቆይ ብቻ" አልኩት።

ግብዣው ቅዳሜ ከሰዓት ነበር። አዳራሹ ያው ነው፣ መጋረጃው ብቻ ተለውጧል። ትሪዎቹ ሲገቡ ሰው ተነስቶ ነው ያየው፤ የሚያውቀኝም የማያውቀኝም የቤቴን አድራሻ ጠየቀኝ። እሷ ከፊት ጠረጴዛ ላይ ተቀምጣለች። ጓንቷን አውልቃለች። እነዚያን እጆች ባዶአቸውን ሳይ የመጀመሪያዬ ነበር፤ እንኳን ተምር ሊፈትሹ ማንኪያም በቅጡ አይዙም። ትንሿን ሳህን ራሴ ይዤ ሄድኩ። "ይሄ ለእርስዎ ብቻ የተሠራ ነው" አልኳት። ውሸት አልነበረበትም።

ከልማዷ የተነሳ አውራ ጣቷን ጫን አደረገችበት። እሷ ግን ምንም ሳይታወቃት ተምሩን አንስታ ያዘችና "ተቀመጪ" አለችኝ።

"ሥራ አለብኝ" አልኩ።

"ሥራው አልቋል። ስትሸሺኝ ነው የኖርሽው። ዛሬ አምስት ደቂቃ ብትሰጪኝ ምንም አትሆኚም።"

ቁጭ አልኩ። እንዲያውም ቅርብ ሆኜ ባየው ይሻለኛል ብዬ ነው።

"ያቺ ልጅ እንዴት ናት?" አለችኝ።

"የትኛዋ ልጅ?"

"ታናሽሽ። ባለነጩ ሳህን።"

ተምሩን ይዤ ጉሮሮዋ ውስጥ ልከተው ምንም አልቀረኝ። "ደህና ናት" አልኩ። "እርስዎ ካባረሯት ወዲህ ወጥ ቤት ገብታ አታውቅም። የሆቴል አንሶላ ነው የምትተኩሰው።"

አየችኝና "ታዲያ እስከ ዛሬ አልነገረችሽም ማለት ነው" አለች።

"ምኑን?"

ሚጣዬ፣ ከዚህ በኋላ ያለውን አንቺ ከእኔ በላይ ታውቂዋለሽ። ግን እኔ በምን ቃል እንደሰማሁት እንድታውቂ ልጽፈው ነው።

"ሳህኖቹን አምጪ ብዬ ስልካት ተከትያት ነበር" አለችኝ። "ፍሬ የምትደብቅ መስሎኝ። በሩ ላይ ቆሜ አየኋት። መጀመሪያ የራሷን ቆጠረች፣ ስልሳ። ቀጥሎ የአንቺን ቆጠረች። ፊቷ ተለዋወጠ። ደግማ ቆጠረች። ከዚያ ከነጩ ሳህን አንድ ፍሬ አነሳችና ሰማያዊው ላይ ጣለች። ቀና ስትል ከእኔ ጋር ተያየን።"

"ዋሽተዋል" አልኩ።

"'እሷ በሽተኛ አላት፣ ሁለት ልጆች አሏት፣ እኔ የትም ብሄድ እኖራለሁ' አለችኝ። እምቢ ልላት ነበር። እግሬ ላይ ልትወድቅ ስትል ያዝኳት። 'ደግሞ ሲጮኹብኝ በደንብ ይጩሁ፤ ለስለስ ካሉ እህቴ ትጠረጥራለች' አለችኝ። እኔም በደንብ ጮኽኩ።" ተምሩን በጣቶቿ እያገላበጠች ቀጠለች። "ጻድቅ ነበርኩ አልልሽም። ከልቤም ተናድጄ ነበር። በሁለታችሁም፣ በራሴም። እንግዶቹ ቀድመው ሲመጡብኝ ያንን ቀን ትሪውን በጣቴ ሳልፈትሽ ነው የለቀቅሁት። ማንም አልጠየቀኝም። እሷ ሽርጧ ሲፈታ እኔ ጓንቴን አጥልቄ ቀጠልኩ። ኃላፊ እስከሆንኩ ድረስ እንዳልናገር ቃል አስገብታኝ ነበር። ከዛሬ ጀምሮ ኃላፊ አይደለሁም።"

የዚያ ቀን ስልክ ትዝ አለኝ። ስንቱን ከፍቼ፣ ስንቱን ሳልከፍት ነበር የተነሳሁት? ካቆምኩበት ቀጠልኩ እያልኩ ነው የኖርኩት። የት ላይ እንዳቆምኩ ግን ሰባት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን ራሴን ጠይቄ አላውቅም። እጄን በጣም አምነው ነበር። ዓርብ ዕለት "ለመጀመሪያ ጊዜ ጎደለ" ብዬ የተደሰትኩበት ሰማያዊ ሳህን ለካ ሁለተኛው ነበር።

ቀና ስል ተምሩ ወደዚያ አዲስ ጥርስ እየሄደ ነው።

ነጠቅኳት። ከጣቷ ላይ ነጠቅኳት፣ ሳህኑ ወድቆ ተሰበረ፣ ሙዚቃው ቆመ፣ ሰው ሁሉ ዞሮ አየን። "ምን ሆነሻል?" አለችኝ። "ይሄኛው የኔ ነው" አልኩ። መጣል እችል ነበር። መሐረብ ውስጥ ጠቅልዬ ኪሴ መክተት እችል ነበር። ለሐኪሙም ለልጆቼም ሳላውቅ ነከስኩት ብያለሁ፤ ለአንቺ ብቻ እውነቱን ልናገር። ፍሬው እንዳለ አውቅ ነበር፣ በየትኛው ጥርሴ እንደምነክሰውም መርጬ ነበር። ሰባት ዓመት ሳዘጋጀው የኖርኩት በቀል ባለቤቱ ተገኘ። አፌ ውስጥ ከተትኩትና ባለኝ አቅም ሁሉ ነከስኩት።

ድምፁ እንደ ዳኛው ነበር። ምናልባት ትንሽ ይበልጣል።

ወይዘሮዋ ጎንበስ ብለው ፍሬዋን ከነደሟ በሶፍት ተቀበሉኝ። አገላብጠው አዩዋት። እሳቸው አልኩ፣ አስተዋልሽ? ይሁን፣ አመለጠኝ፣ አልሰርዘውም።

"ለእኔ ነበር?" አሉኝ ዝቅ ባለ ድምፅ።

ራሴን በአዎንታ ነቀነቅኩ።

"ሰባ ዘጠኝ ቆጥረሽ?"

እንደገና ነቀነቅኩ። ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው? "አሞላልሽ ግን ጥሩ ነው፤ ስጫነው ምንም አልታወቀኝም።" እኔ ደም እየተፋሁ፣ እሳቸው ይስቃሉ። ከዚያ የራሳቸውን ግብዣ ትተው፣ ቦርሳቸውን ይዘው፣ ክንዴን ደግፈው ሐኪም ቤት ወሰዱኝ። ጥርሴ እስኪነቀል ድረስ በእነዚያ በተጣመሙ ጣቶች እጄን ይዘው ተቀምጠው ነበር።

አሁን ወደ አንቺ ልምጣ። ቂሜ አልቋል ብለሽ ከሆነ ተሳስተሻል። ቂሜ ያው ነው፤ የሚያርፍበት ሰው ብቻ ነው የተለወጠው።

ማን ጠየቀሽ? ማን ፈቀደልሽ? በዚያ ሳምንት እቤት ቁጭ ብለን "ጣትሽ የት ነበር? እንዴት አንድ ፍሬ አይታወቅሽም?" ብዬ ስጮህብሽ፣ አንቺ ዕቃ እያጠብሽ "ይቅርታ እትዬ" ነበር ያልሽው። ይቅርታ እትዬ! ያንን ቃል ሳስበው ከተነቀለው ጥርስ ይልቅ እሱ ነው የሚያመኝ። ምንም ያላጠፋች ሴት ላይ ሰባት ዓመት ጥርስ አስነከስሽኝ። ጥፋቴን ሰርቀሽኝ ሄድሽ። በልጅነትሽም እንዲሁ ነበርሽ፤ እኔ የሰበርኩትን ብርጭቆ እኔ ነኝ እያልሽ እናታችን ዘንድ የምትቀርቢው አንቺ ነበርሽ። ያኔ ደስ ይለኝ ነበር። አሁን ትልቅ ሰው ነኝ፣ ደስ አይለኝም።

ስለዚህ ተበቅዬሻለሁ። አንደኛ፣ ሐኪም ቤት ከመሄዴ በፊት፣ አፌን በሶፍት እንደያዝኩ፣ ከመቀመጫዬ ተነስቼ ምስጢርሽን ሰማንያ ሰው ፊት ዘረገፍኩት። "ያቺ የዳኛው ፍሬ የኔ ነበረች፤ እህቴ ነች የሸፈነችኝ" አልኩ። ግማሹ ቃል አልተሰማ ይሆናል፣ ወይዘሮዋ ግን እየደገሙ ያስረዱልኝ ነበር። ለዳኛውም ዛሬ ጠዋት ጽፌያለሁ፤ ይፍረድብኝ ከፈለገ። ለልጆቼም ነግሬያለሁ። ትንሿ ለአንድ ሰዓት ያህል ክፍሏን ዘግታ አለቀሰች፤ ትልቋ ግን እኔን በክፉ ዓይን እያየችኝ ነው። ይገባኛል።

ሁለተኛ፣ ወይዘሮዋ እሑድ ሊጠይቁኝ ሲመጡ ሽርጥሽን ይዘው መጡ። በዚያ ቀን ከወገብሽ የፈቱትን ማለቴ ነው። መሳቢያቸው ውስጥ ታጥቦ፣ ተጣጥፎ ነበር የኖረው። ወጥ ቤቴ በር ጀርባ፣ ምስማሩ ላይ ሰቅዬዋለሁ። ማንም እንዳይነካው ብዬ አውጄያለሁ። አንሶላ መተኮስ ከበቃሽ መጥተሽ ትለብሺዋለሽ፤ ካልመጣሽ እዚያው ተሰቅሎ በየቀኑ ያናድደኛል፣ እኔም በየሳምንቱ እንደዚህ ያለ ረጅም ደብዳቤ እጽፍልሻለሁ። ምርጫው የአንቺ ነው።

ጉንጬ ማበጡ በሦስት ቀን ይቀንሳል ብለዋል። ያኔ እደውላለሁ። ስደውል "ምንም አይደለም እትዬ" እንዳትዪኝ። ብትፈልጊ ስደቢኝ፤ ካላሰኘሽም ዝም በዪኝ፣ እችለዋለሁ። ይቅርታ የምትባለዋን ቃል ግን ከዛሬ ጀምሮ የምለው እኔ ብቻ ነኝ። ስታነቢው እንዳትስቂ፤ በጥርሴ ሁኔታ ምክንያት በደንብ ማለት ስለማልችል ነው በጽሑፍ ያደረግሁት። ይቅርታ ሚጣዬ።

አምላክ በሰው አገር ብቻሽን አይተውሽ። የምታጥፊው አንሶላ ሁሉ የሚተኛበትን ሰው እንደሚያሳርፍ አንቺንም ያሳርፍሽ። ለኔ ብለሽ ያጎደልሽው ሁሉ ተርፎ ይመለስልሽ። የሚያየው እጅሽ ጤና ይሁን።

እህትሽ፣
እትዬ

ከዚህ ጋር በሶፍት የተጠቀለለች ነገር አለች፤ ቆሻሻ መስላሽ እንዳትጥያት። ጥርሴን የሰበረችው ፍሬ ናት፣ በደንብ ታጥባለች። ከነጩ ሳህን ወስደሽ ሰማያዊው ላይ ባስቀመጥሻት ፋንታ መልሼልሻለሁ። አሁን ቁጠሪ፦ የአንቺ ስልሳ ነው። የጎደለው የኔ ነው።